የሠላሳ ስድስት ቆርቆሮ ዋጋ

ባለፈው ጥቅምት ጎረቤቴ ቤቷን ታስመርግ ነበር። ጭቃ ከጭድ ጋር ተረግጦ ሦስት አራት ቀን ጉድጓድ ውስጥ ሲቦካ የሚያወጣው አንድ ሽታ አለ፤ ለበረት ሽታ የሚቀርብ፣ ትንሽ ኮምጠጥ የሚል። አላፊ አግዳሚው አፍንጫውን በነጠላው ይዞ ያልፋል። እኔ ያኔ ገና ወንበሬን ከፊት ለፊቱ በር አውጥቼ መንገዱ ዳር ነበር የምቀመጠው፤ ሽታውን እየሳብሁ እውል ነበር።

«እትዬ እናኑ፣ ሽታው አስቸገረዎት አይደል?» ትለኛለች ጎረቤቴ፣ እያፈረች።

«ተይው እቱ። ሰው ሽቶ በብር ይገዛል፤ እኔ በነጻ አገኘሁ።»

የምቀልድ መስሏት ሳቀች። እኔ ግን አልቀለድሁም። አዲስ ቤት ለእኔ የሚሸተው እንደዚያ ነው። ከሞላ ጋር እግራችንን እስከ ጉልበት ነክረን ጭቃ የረገጥነው፣ ቀሚሴን በመቀነቴ ከፍ አድርጌ ታጥቄ፣ እሱ ደግሞ «ቀስ በይ፣ ያንች እግር ገብስ እንደሚያበራይ በሬ ነው» እያለ የሚያስቀኝ፣ ያ ሁሉ በአንድ ትንፋሽ ይመጣብኛል። ሞላ ባሌ ነበር። የረገጥነውም የዚሁ ዛሬ የተቀመጥሁበት ቤት ጭቃ ነው።

ያኔ ከተማችን አርብ ገበያ ዛሬ የምታዩት አርብ ገበያ አልነበረም። ከላይኛው ዋርካ እስከ ታችኛው ወፍጮ ያለው ቤት በጣት ተቆጥሮ ያልቃል፤ ከተማ የሚሆነው ዓርብ ዓርብ ብቻ ነው። ከስማዳ ወገን አህያ የሚነዱት ጎሕ ሲቀድ ይደርሳሉ፤ ከደጋው ገብስና ባቄላ የጫኑት ትንሽ ቆይተው ይመጣሉ። ሴቱ አቡጀዲ ቀሚስ፣ ጥቂት ገንዘብ ያለው ወንድ ካኪ ቁምጣ፣ በጣም ያለው ቴትሮን ሱሪ ይለብሳል። ኮንጎ ጫማ በብር ከሃምሳ ይገዛ ነበር፤ ገበሬው ግን ገበያው ዳር እስኪደርስ በእጁ ይዞት ይመጣና ወንዙ ላይ እግሩን ታጥቦ ያጠልቀዋል። ላምባ በጠርሙስ ሃያ ሳንቲም ነበር። ስኳር በስሙኒ ብትገዙ በወረቀት እንደ ቀንድ ተጠቅልሎ ይሰጣችኋል፤ ወረቀቱም አይጣልም፣ ተዘርግቶ ይቀመጣል። አሁን በዚያው መንገድ ላይ ባጃጅ ይሮጣል፣ ልጆቹ በእጃቸው ስልክ ይዘው አንገታቸውን ደፍተው ያልፋሉ። ቀና ብሎ «እንዴት ዋሉ» የሚል ቢኖር ከአሥር አንዱ ነው። እኔም ለዚያ አንድ ሰው ስል ነበር በሩ ላይ የምቀመጠው።

ሞላ እህል ነጋዴ ነበር፤ ነጋዴ ስል ሁለት አህያ የነበረው ማለቴ ነው። እኔ ደግሞ ከልጅነቴ ጀምሮ ሱቅ ነበር የምመኘው። ክር፣ መርፌ፣ ላምባ፣ ስኳር፣ ክብሪት። ስለዚህ ቤቱን ስናስብ ሁለት ክፍል አልነው፤ ፊቱ ወደ መንገዱ የሚከፈት ሱቅ፣ ጓዳው መኖሪያ። ባሕር ዛፉን ከአባቴ ማሳ ዳር ቆርጠን በሸክም አመጣነው። ማገሩን ዘመድ በደቦ መታልን። ግድግዳው ቆመ፣ ተመረገ፣ ደረቀ። ከዚያ በኋላ መንገድ ዳር የሣር ክዳን አይፈቀድም ተባለ። ግንቦት ሊጋመስ ነው፣ ክረምት እየመጣ ነው፣ ክዳን የሌለው የጭቃ ግድግዳ ደግሞ ሁለት ዝናብ አይችልም። ቤታችን ሠላሳ ስድስት ቆርቆሮ ይፈልጋል። አንዱ ቆርቆሮ ስምንት ብር ነው፤ ድምሩ ሁለት መቶ ሰማንያ ስምንት። ሚስማሩ አሥራ ሁለት ብር። ሦስት መቶ ብር እንግዲህ። ሁለቱን አህዮች ሸጠን ብንጨምር እንኳ አይሞላም፤ አህያ ከሸጥን ደግሞ ምን እንበላለን?

አያ ካሴ የሚባሉ ነጋዴ ነበሩ። መልካም ሰው ነበሩ፤ ይህን ቀድሜ የምናገረው በኋላ ከሳቸው ጋር የሆንሁትን ስትሰሙ ክፉ ሰው እንዳይመስሏችሁ ነው። በከተማችን መጀመሪያ ሬዲዮ የገዙት እሳቸው ናቸው፤ የቆዳ ልብስ ነበረው ሬዲዮው። ሰላምታቸው ረጅም ነው፤ ስለ ከብቱ፣ ስለ አዝመራው፣ ስለ አማትሽ ወገብ ሳይጠይቁ አያልፉም። ሦስት መቶ ብሩን እሰጣለሁ አሉ፣ በወለድ አገድ።

ወለድ አገድ ምን እንደሆነ ዛሬ ላላችሁት ልጆች ልንገራችሁ። አበዳሪው በገንዘቡ ላይ ወለድ አይጠይቅም። በፋንታው መሬትህን ወይም ቤትህን ይይዛል፤ ያርስበታል ወይም ይነግድበታል። ገንዘቡን የመለስህለት ዕለት ይለቅልሃል። በእኛ ዘንድ በወለድ ማበደር ኃጢአት ነው፤ አራጣ የሚበላ ሰው ቢሞት ካህኑ ራሱ ደስ ብሎት አይፈታውም። ወለድ አገድ ግን የጨዋ ነው። ውሉን የጻፉልን ቤተ ልሔም ድጓ የተማሩ መሪጌታ ነበሩ፤ ፊደላቸው እንደ ዳዊት ፊደል ያምራል። «ገንዘቡ ወለድ የለውም፤ ቤቱም ኪራይ የለውም፤ ሦስት መቶ ብሩ በሙሉ በተመለሰ ዕለት በሩ ይለቀቃል» ብለው አነበቡልን። ሞላ ጎንበስ ብሎ የአያ ካሴን ጉልበት ሊስም ሲል ያዙት። እኔም አለቀስሁ፤ ከደስታ ነው። በነጻ ጣሪያ አገኘን ብለን ነው። እንደኛ ያለ ሰው ሁሉ የሚሳሳተው እዚያ ላይ ነው፤ ወለድ የሚለው ቃል ከሌለበት ዋጋም የሌለበት ይመስለናል።

አያ ካሴ ፊት ለፊቱን ክፍል ያዙ። ሱቅ ከፈቱበት። እኔ ልሸጠው ያሰብሁትን ክርና ላምባ እሳቸው ይሸጡታል። እኛ በጓሮ በኩል በር ቀደድንና ገብተን ጓዳ ተቀመጥን። በግድግዳው ወዲያ ሬዲዮው ይዘፍናል፤ ግጥሙ አይለይም፣ ዜማው ብቻ ይመጣል። አንዳንዱን ዜማ ዛሬም ሳላውቀው አንጎራጉረዋለሁ፣ ቃል የለውም። ሰው መጥቶ «የእናኑ ቤት የቱ ነው?» ብሎ ሲጠይቅ «ከካሴ ሱቅ ኋላ» ይሉታል። በራሴ ቤት ኋላ ሆንሁ።

ሦስት መቶውን ለመመለስ በየዓመቱ አስበናል። አንድ ዓመት መቶ አርባ ብር አጠራቀምን፤ ሞላ ወስዶ ሰጣቸው። «ልጄ፣ ወለድ አገድ ተቆራርሶ አይመለስም፤ ሲሞላልህ አምጣው» ብለው በአክብሮት መለሱለት። ወጉ እንደዚያ ነው፣ እሳቸው አላመጡትም። መቶ አርባው ግን እቤት ተቀምጦ ይሞላል? አንዱ አህያ ገደል ገባ፣ በብሩ ሌላ ተገዛ። በሌላው ዓመት መቶ ሰማንያ ደረስን፤ ልጄ ታመመች፣ ግብር መጣ። ገንዘቡ ወደ ሦስት መቶ ይወጣል ይወጣልና ወገቡ ላይ ሲደርስ ይወርዳል። ዕዳው ግን እንደ ተራራ እዚያው ነው። አሥራ አንድ ዓመት።

በዚያን ዘመን ነው የመሠረተ ትምህርት የመጣው። ከሰዓት በኋላ ሴቶቹ ተሰብስበን እንማራለን። መጀመሪያ ፊደል፣ ቀጥሎ መደመርና መቀነስ፣ ከዚያ ማባዛት። ማባዛት እንደሚጥመኝ ሌላ ነገር ጥሞኝ አያውቅም። የምታስተምረን ልጅ ገና ለጋ ነበረች፤ አንድ ቀን «የየቤታችሁን ሒሳብ አምጡ፣ ያንን እናስላ» አለች። አንዷ የእንቁላል አመጣች፣ አንዷ የጠላ። እኔ የፊት ለፊቱን ክፍል አመጣሁ።

«ከጎናችሁ ያለው የሱቅ ክፍል በስንት ይከራያል?» አለችኝ።

«በወር ስድስት ብር።»

«እንግዲያው ስድስትን በአሥራ ሁለት አባዢ። ከዚያ በአሥራ አንድ ዓመት።»

ሰባት መቶ ዘጠና ሁለት ወጣ። ሦስት ጊዜ አባዛሁት፤ ሦስቱንም ጊዜ ሰባት መቶ ዘጠና ሁለት። ሦስት መቶ ተበድረን ሰባት መቶ ዘጠና ሁለት ከፍለናል፤ ያውም ሦስት መቶው ሙሉውን አለብን። የሱቅ ትርፌን አልቆጠርሁም፤ እሱን የሚያውቀው እግዜር ነው።

ቤት ገብቼ ለሞላ ነገርሁት። ጫማውን እየፈታ ነበር።

«ማን ነው ይህን ያስቆጠረሽ?»

«ማንም። ራሴ ነኝ።»

«ሰውዬው ክረምት ሲመጣብን ጣሪያ አለበሱን። አንዲት ሳንቲም ወለድ አልበሉም።»

«ወለዱን አልበሉም። ቤቱን ግን አሥራ አንድ ዓመት በሉት።»

«እናኑ፣ እኔ ፈርሜያለሁ። ቃሌ ነው።»

«ያልገባንን ነገር ነው የፈረምነው።»

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ተኛ። በነጋታው ዝም ብዬ ብቀር ምናለ? ዝም ማለት ግን አልፈጠረብኝም። እናቴ «አንችን በሚዛን ነው የወለድሁሽ» ትለኝ ነበር። ደብተሬን ይዤ በፊት ለፊቱ በር ገባሁና በሰው መሀል ለአያ ካሴ አነበብሁላቸው። እሳቸው መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉት።

«እናኑ፣ እኔ አራጣ በልቼ አላውቅም።»

«አራጣ በሉ አላልሁም አያ። ይደምሩት ነው ያልሁት።»

«አስቤው አላውቅም» አሉ፣ ቀስ ብለው። አምናቸዋለሁ። እሳቸውም እንደኛው ናቸው፣ ስሙን አይተው ነገሩን አላዩም።

ሽማግሌ ተቀመጠ። ግማሹን፣ መቶ ሃምሳ ብር ተቀብለው በሩን ይልቀቁ ተብሎ ተፈረደ። አያ ካሴ «መቶ ሃምሳውም ይቅርብኝ» አሉ። በአንድ ጠዋት ዕቃቸውን በአህያ ጫኑና ወደ እስቴ፣ መካነ ኢየሱስ ሄዱ። ሲወጡ ሰላምታ አልሰጡኝም። ያን ያህል ሰላምታ የሚያውቁ ሰው።

ቤቴ ተመለሰልኝ። ባሌ ግን አልተመለሰልኝም። አልጮኸብኝም፣ አልመታኝም፤ ሞላ እንደዚያ አይደለም። «እንጀራ አለ?» «ዘሪቱ ተኝታለች?» ከዚህ በላይ ወሬ የለም፤ ዘሪቱ ልጃችን ነች። አንድ ቀን ብቻ «ያለበሰኝን ሰው አራቆትሁት» አለ፣ ለእኔ ሳይሆን ለምድጃው። መስከረም ሲጠባ ሰሊጥ አጨዳ ወደ መተማ ሊወርድ ተነሣ። «ሦስት መቶውን በሙሉ ለካሴ ካላስረከብሁ ይህ ጣሪያ የእኔ አይደለም» አለኝ። አታድርገው አልሁት። ሒሳቡን እንደገና ላነብለት ደብተሩን አነሣሁ። ያን ዕለት ደብተሩን ከማነሣ እጁን ብይዘው ይሻል ነበር።

ሦስት መቶው ሞላለት። በነጋዴ እጅ ለአያ ካሴ ላከው። እሱ ራሱ በንዳድ ተይዞ በሰው ትከሻ መጣ፣ ኅዳር ሳያልቅ አረፈ። ለቅሶው ላይ አያ ካሴ ከእስቴ በእግራቸው መጡ። ሦስት መቶውን በመሐረብ ቋጥረው ከውሉ ጋር እግሬ ሥር አስቀመጡት። መለስሁላቸው። መለሱልኝ። መሬት ላይ በመሀላችን ቁጭ አለ፤ እሳቸውም አላነሡት፣ እኔም አላነሣሁት፤ መጨረሻ ቄሱ «እናንተ ካልፈለጋችሁት ጣሪያው ለሚያፈስ ቤተ ክርስቲያን ይሁን» ብለው አነሡት። ከሐዘንተኛው ውስጥ ሳቁን አፍኖ ያሳለ ሰው እንደነበረ አስታውሳለሁ።

እንግዲህ የሠላሳ ስድስት ቆርቆሮ ዋጋ ይህ ነው። ሦስት መቶ ብር በጥሬው፣ ሰባት መቶ ዘጠና ሁለት በኪራይ፣ በላዩ ባሌ ሞላ። ቁጥሩ ትክክል ነበር፣ ዛሬም ትክክል ነው እላለሁ። ሒሳብ ግን ከፊርማ በፊት ሲሆን ምክር ነው፤ ከፊርማ በኋላ ሲሆን ክስ ይሆናል። እኔ በዘገየ ሒሳብ ከሰስሁ።

ሱቄን ከፈትሁ። ክርና ላምባ ሸጥሁ፣ በኋላ ላምባው በባትሪ ድንጋይ ተተካ። ዘሪቱን አሳደግሁ፣ ዳርሁ፣ ቀበርሁም። የሷን ልጅ ሰናይትን አሳድጌ አስተማርሁ። ጉልበቴ ሲደክም ሱቁን ዘጋሁ፤ ክፍሉ ባዶውን፣ እኔ በሩ ላይ። አንድ ሞባይል ጠጋኝ ጎልማሳ «እማማ ያከራዩኝ፣ በወር አንድ ሺህ ሰባት መቶ እሰጣለሁ» እያለ ዓመት ሙሉ ለምኖኛል። «እዚህ የሚቀመጥ ሰው አለበት» እለው ነበር። ክፍሉን በቃኝ ሳልል ዳግመኛ ለማንም አልሰጥም ብዬ ነበር።

ያ የጭቃ ሽታ በሸተተኝ ሳምንት ሰናይት ከደብረ ታቦር ደወለች። እሷም ባሏም መምህራን ናቸው።

«እምዬ፣ የቤትሽን ካርታ እንድትሰጪኝ ነው።»

«ለምን?»

«ቤት ልንገዛ ነው፣ በባንክ ብድር። የምንገዛው ቤት ብቻውን ለመያዣ አይበቃም አሉን። ያንች ሲጨመር ይሞላል።»

«ስንት ትበደራላችሁ?»

«ስድስት መቶ ሺህ። በወር ስምንት ሺህ ስምንት መቶ እየከፈልን። ከባድ ነው፣ ግን ይቻላል።»

«ለስንት ዓመት?»

«ለሃያ።»

«ድምሩ ስንት ይሆናል?»

«አልጠየቅሁም» አለች። «ሰው ሁሉ ወሩን ነው የሚጠይቀው እምዬ።»

«እንግዲያው ካርታውም አልተጠየቀም። ወረቀቱን ይዘሽ ነይ።»

ቅዳሜ መጣች፣ መንገዱ ክፍት ነበር። ወረቀቱ ሁለት መቶ አርባ መስመር ነው፣ ለእያንዳንዱ ወር አንድ። መነጽሬን አጠለቅሁ።

«ይኸ ረድፍ ምንድን ነው?»

«ወለዱ። አሥራ ሰባት ከመቶ ነው።»

«የመጀመሪያው ወር ስንት ይላል?»

«ስምንት ሺህ አምስት መቶ።»

«ይኸኛውስ?»

«ከዋናው የሚቀነሰው።» ጎንበስ ብላ አየችው። «ሦስት መቶ።»

ስምንት ሺህ ስምንት መቶ ትከፍላለች፤ ዕዳዋ የሚቀንሰው በሦስት መቶ ነው። ጣቴን ወደ ታች እያወረድሁ ስድሳኛው መስመር ላይ ደረስሁ፤ አምስት ዓመት ማለት ነው። እስከዚያ አምስት መቶ ሃያ ስምንት ሺህ ከፍላለች፤ ከስድስት መቶው ሺህ የወረደው ሃያ ስምንት ሺህ ብቻ ነው። ዳገቱ ሁሉ ከፊት ተቀምጧል። ከታች ድምሩ ሁለት ሚሊዮን አንድ መቶ አሥራ ሁለት ሺህ ይላል። ባንኩ አልደበቀም፤ ፍርድ ሲሆን ይህንም መናገር አለብኝ። ጽፎታል። የሚያነበው ነው የጠፋው።

«ልጄ፣ አንድ ቤት ገዝተሽ የሦስት ቤት ትከፍያለሽ።»

«ታዲያ ምን ላድርግ?» አለች፣ ፊቷ ቀላ። «ኪራይ አምስት ሺህ እከፍላለሁ። ሃያ ዓመት ብከፍል ምን ይቀርልኛል? ግድግዳ ላይ ሚስማር ልምታ ስል አከራይ አስፈቅጃለሁ። አንች ቤት አለሽ፣ ለመናገር ይቀልሻል።»

የሷንም አሰላሁላት። አምስት ሺህ በሃያ ዓመት አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ሺህ፤ መጨረሻ ላይ ባዶ እጅ። እውነቷን ነው። እውነቷን ነው አልኋትም። ከዚያ የአያቷን ነገር ነገርኋት፤ ሰው ሁሉ በንዳድ ሞተ ብሎ ነው የነገራት፣ ለምን እንደወረደ አታውቅም ነበር። አድምጣኝ ስትጨርስ አላለቀሰችም።

«ካርታውን አልሰጥም ማለትሽ ነው?» ብቻ አለች።

«አስቤ እነግርሻለሁ።»

በነጋታው በጠዋቱ አውቶብስ ሄደች። ደረስሁ ብላ አልደወለችም። አንድ ሳምንት፣ ሁለት ሳምንት፣ ሦስት። ስልኩን ቻርጅ አድርጌ ጉልበቴ ላይ አስቀምጬ በሩ ላይ እውላለሁ፤ ጎረቤቴ «የሚደወልልዎት አለ?» ስትለኝ «ሰዓት ልይበት ብዬ ነው» እላታለሁ። ቁጥሩን ደጋግሜ አስቤዋለሁ፣ አሁንም ትክክል ነው። አንድ ጊዜ በትክክለኛ ቁጥር ሰው አጥቻለሁ። የሰናይት ዝምታ ደግሞ የሞላን ዝምታ ይመስላል፤ ደሙ ነው መሰለኝ።

በአራተኛው ሳምንት ካርታውን በመሐረብ ጠቅልዬ ደረቴ ላይ አስሬ፣ በነፋስ መውጫ በኩል ደብረ ታቦር ሄድሁ። ባንኩ በር ላይ ሆኜ ደወልሁላት። ከትምህርት ቤት እየሮጠች መጣች፣ እጇ ላይ የጠመኔ ዱቄት ነበረባት። ምን ልትይ ነው የመጣሽው ብላ ዓይኔን ታያለች። ይዣት ገባሁና የብድር ሠራተኛው ፊት ተቀመጥሁ።

«ልጄ፣ አንድ ነገር አስላልኝ። ይችኛይቱ በየወሩ አንድ ሺህ ሰባት መቶ ብር ከላይ ብትጨምር ዕዳው መቼ ያልቃል?»

ልጁ ማሽኑን ነካካ። አንዴ አየና እንደገና ነካካው። «አሥር ዓመት አይሞላም እማማ። ዘጠኝ ዓመት ከአሥር ወር። ድምሩም ወደ አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ሠላሳ ስምንት ሺህ ይወርዳል።»

ሰናይት ወንበሩን ሳብ አድርጋ ተጠጋች። «ከሁለት ሚሊዮን?»

«ትርፉ ብር በሙሉ ዋናውን ስለሚመታ ነው። ግን በማመልከቻ መጠየቅ አለባት፤ ካልተጻፈ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ ይያዛል እንጂ ከዋናው አይነሣም።»

«እንግዲያው ይጻፍ» አልሁ። «ሳይጻፍ ካርታው ከደረቴ አይወጣም።»

ልጁ ሳቀ። «እማማ፣ እዚህ ስሠራ ድምሩን የጠየቀኝ ሰው ጥቂት ነው።»

«ያለ ድምር ሲፈርሙ ዝም ብለህ ታያለህ?»

«ካልጠየቁኝ...» ብሎ ዓይኑን ወደ ወረቀቱ መለሰ።

ሰናይት ክንዴን ያዘች። «እምዬ፣ አንድ ሺህ ሰባት መቶው ከየት ነው? እኛ አንችለውም።»

«ፊት ለፊቱን ክፍል አከራየዋለሁ።»

«አንች የት ልትቀመጪ?»

«ጓዳ።»

«በሩ ላይ ካልተቀመጥሽ ማን ያይሻል?»

«የሚፈልገኝ በጓሮ ዞሮ ይመጣል።»

«ከኛ ጋር ኑሪ። ከምንገዛው ቤት ሁለት ክፍል አንዱ ያንች ነው።»

«መጀመሪያ የናንተ ይሁን እስቲ» አልኋት፣ ያኔ ሳቀች፣ ከዚያ ጠመኔ በነካው እጇ ዓይኗን ጠረገች። ወረቀቱ ተጻፈ። እያንዳንዱን መስመር አስነብቤ ፈረምሁ።

ሞባይል ጠጋኙ በኅዳር መጨረሻ ገባ። እኔም በጓሮው በር በኩል ሆንሁ። ይሰማኛል፤ ደንበኛ ይገባል፣ ይከራከራል፣ ስልኮቹ በየዓይነቱ ይጮኻሉ። የሚፈልገኝ በጓሮ ዞሮ ይመጣል ብዬ ነበር። ጎረቤቴ አንድ ሁለቴ መጣች፣ ጭቃ አለው መንገዱ። ሌላው ሰው ምናልባት የሞትሁ ይመስለው ይሆናል። ግን ከዚያኛው ዘመን የሚለየው ነገር አለ። ይኸኛውን ድምሩን አይቼ ነው የገባሁበት። ዘጠኝ ዓመት ከአሥር ወር፤ ያን ያህል እንደምኖር ማንም አልነገረኝም፣ ስለዚህ ኪራዩ ከኔ በኋላም ወደ ባንኩ ዕዳ እንዲሄድ ጠጋኙን አስፈርሜዋለሁ።

የመጀመሪያው ወር ክፍያ የተከፈለ ዕለት ሰናይት ደወለች።

«እምዬ፣ ከዋናው ሁለት ሺህ ወረደ። ወረቀቱ ላይ አየሁት።»

«ሁለት ሺህ?»

«ሁለት ሺህ። ልንገርሽ ብዬ ነው። ክፍል ልገባ ነው፣ ቻው።»

ስልኩ ተዘጋ። በአሥራ አንድ ዓመት ከሦስት መቶ ብር ላይ አንዲት ሳንቲም ሲወርድ አላየሁም። ደስ ሲለኝ የምነግረው ሰው ፈለግሁ። ጠጋኙ ልጅ ከግድግዳው ወዲያ ከሰው ጋር ይከራከራል፤ እሱ ምን ያውቃል። ጓዳው ውስጥ ከኔ ሌላ የለም። «ሞላ፣ ወረደ» አልሁ፣ በደንብ ጮክ ብዬ። ከዚያም እንደማይጠይቀኝ እያወቅሁ ስንት እንደወረደ ነገርሁት።